ስለ ፓርቲብሬይከርስ የጠየቃችሁኝና የመለስኩት

ስለ ቤልግሬዱ ጋራዥ ሮክ ባንድ ስለ ፓርቲብሬይከርስ አንድ ነገር ባነሳሁ ቁጥር ጥያቄ ይከተላል። ዛሬ ሰብሰብ አድርጌ ልመልስ። የሚመሳሰሉትን አንድ ላይ አድርጌአቸዋለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ወንድሜ፣ እስቲ ምንም ለማናውቅ ሰዎች ከሥሩ ጀምርልን። እነማን ናቸው?

መልስ፦ በ1982 ቤልግሬድ ውስጥ፣ ያኔ በዩጎዝላቪያ ዛሬ በሰርቢያ ዋና ከተማ፣ አራት ልጆች የመሠረቱት ባንድ ነው። ድምፃዊው ዞራን ኮስቲች ነው፤ ሰው ሁሉ የሚያውቀው ግን ጻኔ በሚለው ስሙ ነው። ጊታሪስቱ ነቦይሻ አንቶኒየቪች፣ በአጭሩ አንቶን ይባላል። ሁለተኛውን ጊታር ልዩቢሻ ኮስታዲኖቪች፣ ድራሙን ደግሞ ማንዛ የሚባለው ጎራን ቡላቶቪች ያዙ። ጻኔና ማንዛ ከዚያ በፊት ራድኒችካ ኮንትሮላ በሚባል የፓንክ ባንድ (ፓንክ ፈጣንና ቁጡ የሮክ ዓይነት ነው) አብረው ሠርተዋል። ስለዚህ ሲገናኙ ባዶ እጃቸውን አልነበሩም። ጻኔ የፓንኩን ቁጣ ይዞ መጣ፤ አንቶን ደግሞ ጊታሩን ከድሮው ብሉዝና ከ1960ዎቹ ሮክ ጋር አገናኘው። እኔ ባንዱን የምወደው በዚህ መጋጠሚያ ነው።

ጥያቄ፦ ጋራዥ ሮክ የሚባለው ምንድነው? ከሌላው ሮክ በምን ይለያል?

መልስ፦ በ1960ዎቹ አሜሪካ ውስጥ ጎረምሶች በቤተሰባቸው የመኪና ማቆሚያ እየተለማመዱ የጀመሩት ነው። ሁለት ሦስት ኮርድ (አንድ ላይ የሚመቱ ኖታዎች)፣ ሻካራ ጊታር፣ የሚጮህ ድምፅ፣ አጭር ዘፈን። ማሳመሪያ የለውም። ስቱዲዮ ገብቶ የተለሰለሰ ነገር ከፈለጋችሁ ይህ የእናንተ አይደለም።

ጥያቄ፦ ቤዝ ጊታር የላቸውም ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው? ያለ ቤዝ ባንድ ይቆማል እንዴ?

መልስ፦ ሲጀምሩ አልነበራቸውም፣ እውነት ነው። ሁለት ጊታር፣ አንድ ድራም፣ አንድ ድምፅ፤ በቃ። ቤዝ በኋላ ነው የገባው።

ይቆማል ወይ ላልከው፣ ይቆማል፤ ግን የተቀሩት ሰዎች ሥራ ይከብዳል። ቤዝ ጊታር ከሥር ሆኖ ወፍራሙን ድምፅ ይይዛል፣ ድራሙንና ጊታሩንም ያያይዛል። እሱ ሲወጣ መሃሉ ባዶ ይቀራል። ያንን ባዶ ቦታ ፓርቲብሬይከርስ እንዴት እንደሞሉት በ1985 በወጣው የመጀመሪያ አልበማቸው ላይ በደንብ ይሰማል። በጆሮ ማዳመጫ ስሙት። አንዱ ጊታር አንድ አጭር ሐረግ ይዞ ሳይለቅ ይደጋግማል። ሌላው በላዩ ላይ እየገባ እየወጣ ይቆርጠዋል። ድራሙ ከወትሮው ይበልጥ ዝቅ ወዳለው ከበሮ ያዘነብላል፣ ምክንያቱም ያ ቦታ የሱ ሆኗል። ጻኔ ደግሞ የሚደገፍበት ለስላሳ ነገር ስለሌለው ቃሉን አንድ በአንድ ወደ ፊት ይገፋዋል።

ይህን ያደረጉት እነሱ ብቻ አይደሉም። የአሜሪካኖቹ ክራምፕስም ከእነሱ ቀደም ብለው በሁለት ጊታር ያለ ቤዝ ይጫወቱ ነበር። ከብዙ ዓመት በኋላ ደግሞ የዲትሮይቶቹ ዋይት ስትራይፕስ ያለ ቤዝ ዓለምን ዞሩ። ሰው እነሱን ሲሰማ አዲስ ነገር የተፈጠረ መሰለው። ቤልግሬድ ውስጥ ግን ነገሩ ቆይቷል።

ጥያቄ፦ ዩጎዝላቪያ ሶሻሊስት አገር አልነበረችም? ሮክ እንዴት ተፈቀደ?

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ ነው። ዩጎዝላቪያ ሶሻሊስት ብትሆንም በ1948 ከስታሊን ጋር ተጣልታ ከሞስኮ ጎራ ወጥታለች። ከዚያ በኋላ ከሁለቱም ወገን ያልሆነውን መንገድ ያዘች። የገለልተኛ አገሮች የመጀመሪያ ጉባኤ በ1961 ቤልግሬድ ሲካሄድ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴም እዚያው ነበሩ። የኛ ሰዎች ዩጎዝላቪያን በዚህ በኩል ያውቋታል፤ መሪዋ ቲቶም አዲስ አበባ መጥተዋል።

ለሙዚቃው የጠቀመው ግን የድንበሩ መከፈት ነው። ዩጎዝላቮች ወደ ምዕራብ አውሮፓ መሄድ ይችሉ ነበር። ሲመለሱ ሸክላ ይዘው ይመጣሉ። ከዚያም አልፎ ዛግሬብ ያለው ዩጎቶን የሚባለው የመንግሥት ሸክላ አሳታሚ የምዕራቡን ሙዚቃ በፈቃድ እዚያው ያትም ነበር። ስለ ሮክ የሚጽፍ ጁቦክስ የተባለ መጽሔት ከ1960ዎቹ ጀምሮ ይወጣ ነበር። ቤልግሬድ ውስጥ ተማሪዎች የራሳቸው የባህል ማዕከል ነበራቸው፤ ኮንሰርቱም ኤግዚቢሽኑም እዚያ ነው። በ1980 እና 1981 አካባቢ አዲስ ትውልድ ፈነዳ። ሻርሎ አክሮባታ፣ ኤሌክትሪችኒ ኦርጋዛም፣ ኢዶሊ የሚባሉት ባንዶች የዚያ ዘመን ልጆች ናቸው። ፓርቲብሬይከርስ የተነሱት ያ ማዕበል ጋብ ሲል ነው። ሌሎቹ ወደ ሲንተሳይዘርና ወደ ተወለወለ ድምፅ ሲያዘነብሉ እነሱ ወደ ኋላ፣ ወደ ጥሬው ሄዱ። ያን ጊዜ ይህ ድፍረት ይጠይቃል።

ጥያቄ፦ ሮሊንግ ስቶንስን ኮርጀዋል የሚሉ አሉ። አንተ ምን ትላለህ?

መልስ፦ አንቶን ስቶንስን በደንብ እንደሰማ ከጣቶቹ ይታወቃል። መማር ግን መኮረጅ አይደለም። ስቶንስም ከጥቁር አሜሪካውያን የብሉዝ ሰዎች ነው የተማሩት። ዋናው ልዩነት ድምፃዊው ጋ ነው። ጻኔ አያሽኮረምምም፣ አይጨፍርላችሁም። ፊት ለፊት ቆሞ ይናገራል። ደግሞ በሰርብኛ ነው፣ በገዛ ሰፈሩ አነጋገር።

ጥያቄ፦ ግጥሞቹ ስለ ምንድናቸው? ፖለቲካ ነው?

መልስ፦ በፓርቲ ደረጃ አይደለም። መንገድ ላይ ብቻውን ስለሚሄድ ሰው ነው፣ ነፃ ሆኖ ስለ መቆየት፣ ከመንጋው ጋር ስላለመነዳት። በ1994 አልበማቸው ላይ «በሂፕኖቲዝም የደነዘዘ ሕዝብ» እንደማለት ያለ ርዕስ የያዘ ዘፈን አለ። የማንም መሪ ስም አልተጠራም። ግን በዚያ ዓመት ሰርቢያ ውስጥ ያንን የሰማ ሁሉ ስለማን እንደሆነ ያውቃል፤ ያኔ አገሩን የሚመራው ሚሎሼቪች ነበር። ስም ያልተጠራበት ግጥም ዕድሜው ይረዝማል፤ ይኸው ዛሬም ይዘፈናል።

ጥያቄ፦ በጦርነቱ ጊዜ ምን አደረጉ? ዝም አሉ ወይስ ተናገሩ?

መልስ፦ ተናገሩ። እዚህ ላይ ትንሽ ልዘርዝር።

ዩጎዝላቪያ ስትፈራርስ፣ በ1991 ክሮኤሺያ ውስጥ ጦርነቱ ተጀመረ። ቤልግሬድ ውስጥ ወጣቶች ለክተት ይፈለጉ ነበር። ብዙዎቹ መጥሪያው እንዳይደርሳቸው ከቤታቸው ወጥተው ዘመድ ጋ፣ ጓደኛ ጋ ያድሩ ነበር። በዚህ መሃል የሦስት ባንዶች ሰዎች ተሰባሰቡ፤ ከፓርቲብሬይከርስ፣ ከኤሌክትሪችኒ ኦርጋዛምና ከኤካታሪና ቬሊካ። ስማቸውን ሪምቱቲቱኪ አሉ። ጻኔና አንቶን አሉበት፤ የኤካታሪና ቬሊካው ሚላን ምላዴኖቪችም አለበት። አንድ ነጠላ ዜማ ቀረጹ። መልእክቱ አጭር ነው፤ ሰላም፣ ወንድሜ፣ ሰላም። ያሳተመላቸው ከ1989 ጀምሮ ሲሠራ የነበረው ነፃው ሬዲዮ ቢ92 ነው።

ከዚያ በማርች 1992 የጭነት መኪና ላይ ወጡ። ድራሙን፣ አምፕሊፋየሩን፣ ጊታሩን ሁሉ ከኋላ ጭነው በቤልግሬድ ጎዳናዎች እየዞሩ ተጫወቱ። ቲኬት የለም፣ አዳራሽ የለም። ሙዚቃው ራሱ ሰው ወዳለበት ሄደ። በወሩ፣ የቦስኒያ ዋና ከተማ ሳራዬቮ መከበብ ከጀመረች ከጥቂት ሳምንት በኋላ፣ በሪፐብሊክ አደባባይ ትልቅ የፀረ ጦርነት ኮንሰርት ተደረገ፤ እዚያም ነበሩ። ጦርነቱን አላስቆመም። ቦስኒያ ለሦስት ዓመት ተኩል ነደደች። ቢሆንም በመኪናው ቀን፣ ከክተቱ ተደብቆ የነበረ ልጅ መኪናው በአጠገቡ ሲያልፍ እሱ ብቻ እንዳልሆነ አወቀ። ለኔ በባንዱ ታሪክ ውስጥ ከዚህ የሚበልጥ ቀን የለም። ከየትኛውም አልበም በፊት ይህንን ነው የማወራው።

ሚላን በኖቬምበር 1994 በካንሰር አረፈ፤ 36 ዓመቱ ነበር።

ጥያቄ፦ በዚያ ሁሉ ችግር ውስጥ አልበም ማውጣት ቻሉ?

መልስ፦ ቻሉ፣ ግን አገሩ ሌላ አገር ሆኖ ነበር። መጀመሪያ ዛግሬብን አስቡ። የመጀመሪያ አልበማቸውን ያሳተመው ዩጎቶን የሚገኘው እዚያ ነው። አገሩ ሲፈርስ ዛግሬብ የሌላ መንግሥት፣ የክሮኤሺያ፣ ዋና ከተማ ሆነች፣ ዩጎቶንም ስሙን ቀየረ። የራሳቸው የመጀመሪያ ሸክላ ከድንበር ማዶ ቀረ ማለት ነው።

በላዩ ማዕቀብ መጣ፣ በማዕቀቡ ላይ የዋጋ ንረት። በ1993 መጨረሻ 500 ቢሊዮን ዲናር የሚል አንድ ነጠላ የገንዘብ ኖት ታትሟል። በጃንዋሪ 1994 የወሩ ንረት 313 ሚሊዮን በመቶ ደረሰ። ደሞዝ የተቀበለ ሰው ወዲያውኑ ሮጦ ካልገዛበት ማታ ወረቀት ነው። ቴሌቪዥኑን ደግሞ ቱርቦ ፎልክ የሚሉት የጭፈራ ሙዚቃ ሞላው። «ኮምጣጣና ጣፋጭ» የተባለው አራተኛው አልበማቸው የወጣው በዚያው በ1994 ነው። ጊታሩ አልሸሸም፣ ድምፁ አልለዘበም። በ1997 «የበረዶ ዘመን» ተከተለ።

ጥያቄ፦ ሌሎቹን አልበሞች በቅደም ተከተል ጻፍልን።

መልስ፦ ሦስቱ የመጀመሪያዎቹ የባንዱን ስም ብቻ የያዙ ናቸው፤ 1985፣ 1988፣ 1989። ከዚያ ከላይ ያልኳቸው ሁለቱ። ቀጥሎ በ2002 ስለ ስግብግብነት የሚናገር ርዕስ ያለው፣ በ2007 «ነፃነት ወይም ምንም»፣ በ2015 «የድሆች ግዛት»። የኋለኞቹን ርዕሶች ብቻ አንብቡ፤ ሰዎቹ ምን እንደሚያብሰለስሉ ይገባችኋል።

ጥያቄ፦ አባላቱ እነዚያው ናቸው?

መልስ፦ አይደሉም። ድራመሮችና ቤዚስቶች ተፈራርቀዋል። በየአልበሙ የቆዩት ምሰሶዎች ጻኔና አንቶን ናቸው። የአንዱ ድምፅና የሌላው ጊታር እስካለ ድረስ ባንዱ ይታወቃል።

ጥያቄ፦ እኔ ሰርብኛ አልችልም። ከየት ልጀምር?

መልስ፦ ከ1985ቱ። እዚያ ላይ «ኡሊችኒ ሆዳች» የሚለውን አስቀድሚ፤ የመንገድ ተጓዥ እንደማለት ነው። እሱ ካልያዘሽ ሌላው አይዝሽም፣ ጊዜሽን አታባክኚ። ከያዘሽ ወደ 1994ቱ ዝለዪ። በሁለቱ መሃል አንድ አገር ጠፍቷል፤ ቋንቋውን ባታውቂም በጻኔ ጉሮሮ ውስጥ ትሰሚዋለሽ። ሁለተኛና ሦስተኛውን ከዚያ በኋላ ተመለሺባቸው። የኋለኞቹን መጀመሪያ እንድትሰሚ አልመክርሽም። ጥሩ ናቸው፣ ግን ጥንካሬያቸው የሚታየው የፊተኞቹን ላወቀ ሰው ነው።

ጥያቄ፦ አሁን ሰርቢያ ውስጥ በዚህ መንገድ የሚሄድ ወጣት ባንድ አለ?

መልስ፦ ሬፔቲቶርን ስሙ። የቤልግሬድ ልጆች ናቸው፣ በ2005 የተመሠረቱ። ሦስት ናቸው፤ ጊታር የሚጫወተውና የሚዘፍነው ቦሪስ ቭላስቴሊጻ፣ ቤዝና ድራም የያዙት ደግሞ ሁለት ሴቶች። የመጀመሪያ አልበማቸው በ2008 ወጥቷል። ድምፃቸው ከፓርቲብሬይከርስ ይልቅ ወደ ድኅረ ፓንክ፣ ማለትም ከፓንክ ወጥቶ ወደመጣው ሙዚቃ፣ ይጠጋል፣ ፍጥነቱም ይበልጣል። እዚህ ቤዙ አለ፤ እንዲያውም ብዙ ጊዜ ዘፈኑን የሚመራው እሱ ነው። በሰርብኛ ነው የሚዘፍኑት፣ እንደዚያም ሆነው በመላው አውሮፓ ይዞራሉ። መጀመሪያ የ2012ቱን አልበም ክፈቱ፣ ድምፁን ከፍ አድርጋችሁ።