ይጠብቃል ወይስ ይላላል?

ልጆቼ፣

ባለፈው ሳምንት ደሴ ፒያሳ ላይ አንዲት የአሥራ አንደኛ ክፍል ልጅ አስቆመችኝ። «ቲቸር፣ አንድ ደቂቃ ብቻ» አለችና ስልኳን አወጣች። ራሷ የዘፈነችውን ቀርፃ ለጥፋዋለች። አምባሰል ነው፣ ከአራቱ የዜማ ቅኝቶቻችን አንዱ። በባጃጅ ጥሩምባና በገበያተኛ ጫጫታ መሀል ጆሮዬን ስልኩ ላይ ደፍቼ ሰማሁት። ድምፅ አላት። ወላሂ አላት። ክርስቲያን ነኝ፤ ግን ወሎ ተወልጄ ያለ ወላሂ መማል አይሆንልኝም።

ከዚያ ሁለት ጥያቄ አከታተለች። «ትምህርቴን ትቼ አዲስ አበባ ልግባ ወይ? እርስዎስ መድረኩን ለምን ተዉት?»

መንገድ ዳር ቆሞ የሚመለስ አይደለም። «እጽፍልሻለሁ የኔ ዓለም» ብዬ ሸኘኋት። ለመጻፍ ስቀመጥ ግን ይህንኑ የጠየቁኝ ብዙ ልጆች ትዝ አሉኝ። ስለዚህ ለሁላችሁም ይሁን።

እኔ በደንቡ ዘፋኝ የሚባል ሰው አልነበርኩም። ተዋናይ ብቻም አልነበርኩም። በእኛ ዘመን ኪነት ውስጥ ሁለቱን የሚለይ አልነበረም። በ1970ዎቹ ከቀበሌ እስከ ክፍለ ሀገር ድረስ የኪነት ቡድን ነበር። ወሎ እነ ማሪቱ ለገሰ የወጡበት ላሊበላ ኪነት ነበራት። የእኛ ከዚያ በጣም ያነሰ፣ አልባሳቱም መሣሪያውም በአንድ መኪና የሚጫን ቡድን ነው። በአንድ ምሽት ዘፈን እናሳያለን፣ ጭፈራ እናሳያለን፣ አጭር ድራማ እናሳያለን። መጨረሻ ላይ ሙዚቃዊ ድራማ ይመጣል። እኔ የምኖረው ለእሱ ነበር። ተጣልተህ፣ ታርቀህ፣ ፎክረህ፣ ድረህ፣ ሁሉንም በዜማ ነው።

ትንፋሽ የተማርኩት ግን ኪነት ከመግባቴ በፊት ነው። ከአያቴ ቤት ጋር ግድግዳ የሚጋሩት ጎረቤቶቻችን ሙስሊሞች ነበሩ። ማታ ማታ መንዙማ ይሰማል። አውጪው አንድ ስንኝ ይዞ ይነሳል፣ ተቀባዮቹ ከድቤው ጋር ይመልሳሉ። ልጅ ሆኜ ግድግዳው ሥር ተኝቼ አንድ ነገር ያስገርመኝ ነበር። ይሄ ሰውዬ መቼ ነው የሚተነፍሰው? በኋላ ገባኝ። ሌሎቹ ሲቀበሉለት ነው። ሌሊቱን ሙሉ የሚዘልቀው ሳንባው ከሌላው ሰው ስለሚበልጥ አይደለም፤ የሚቀበሉት ስላሉ ነው። ይህን እያወቅኩ በኋላ ምን እንዳደረግኩ እነግራችኋለሁ።

ደሴ ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ናት። እዚህ እየጨፈሩ መዝፈን ቀልድ እንዳይመስላችሁ። አዘጋጃችን ወደ ጦሳ ተራራ በሚወስደው አቀበት እያስወጣን ያዘፍነን ነበር። ሩጫ የለም፣ በእርምጃ ነው። ትንፋሽህ የተቆረጠበት ቃል ላይ ቆመህ ወረቀትህ ላይ ጭረት ታደርጋለህ። በማግሥቱ ጭረቷን አንድ ቃል ወደ ፊት ለማሻገር ትሞክራለህ። በቃ፣ ይኸው ነው። ገንዘብ አይጠይቅም፣ አቀበት ደግሞ በአገራችን ሞልቷል።

አንቺ ፒያሳ ያገኘሁሽ ልጅ፣ ስለ አምባሰልሽ አንድ ነገር ልበልሽ። አራቱም ቅኝቶቻችን አምስት አምስት ድምፅ ብቻ ነው ያላቸው። አምባሰል ላይ ሁለተኛዋ ድምፅ ከመነሻዋ ግማሽ ድምፅ ብቻ ርቃ፣ ጥግት ብላ ነው የምትቀመጠው። አንቺ ስሜት ሲይዝሽ ከፍ ታደርጊያታለሽ። ያኔ ዜማው ከአምባሰል ይወጣብሻል። ብዙ ሰው ላያውቀው ይችላል። አምባሰል ወረዳ የመጣ ሽማግሌ ግን ፊቱን ያጨማድድብሻል።

አሁን ወደ ውርደቴ ልምጣ።

የአንድ ጀግና ታሪክ እንጫወት ነበር። መጨረሻ ላይ ጀግናው ጎራዴውን ይዞ መሀል መድረክ ይቆማል። እኔ ከጎን ወጥቼ «ይመታል፣ ይመታል፣ የእኛ ጀግና ይመታል» እያልኩ አወድሰዋለሁ። በንባብ ልምምድ ጊዜ ምንም ችግር አልነበረም። ዜማ ሲገባበት ግን ከበሮው «መ» እና «ታ» ላይ ይወድቃል። እኔም ከከበሮው ጋር ልሄድ ብዬ ሁለቱንም ፊደል አጥብቄ ለቀቅኳቸው። እስቲ ጮክ ብላችሁ ሞክሩት። ላልቶ ሲነበብ ጀግናው መቺ ነው። ሲጠብቅ ግን ተመቺ ሆነ!

ከኋላ አንድ ሰውዬ ተነሥቶ «ምስኪን፣ ምን አድርጎ ነው?» አለ።

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ጀግናችን ጎራዴውን እንደያዘ ጀርባውን ለሕዝቡ ሰጠ። ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ይታየኛል። እኔ ደግሞ ሦስት ስንኝ ይቀረኛል። ሦስቱም ላይ «ይመታል» አለ።

ያን ማታ እንቅልፍ አልወሰደኝም። ፊደላችን የሚጠብቀውንና የሚላላውን ለይቶ አያሳይም፤ አንባቢው ነው የሚያውቀው። ዜማ ደግሞ ለቋንቋ አያዝንም፤ ምቱ የወደቀበትን ያጠብቃል። ከዚያ ወዲህ የዘፈን ግጥም ሲሰጠኝ ከሁሉ በፊት እርሳስ አነሳለሁ። በሚጠብቀው ፊደል ራስ ላይ ሁለት ነጥብ አደርጋለሁ። ምቱና ነጥቡ ካልተስማሙ ዜማውን የደረሰው ሰው ጋ ሄጄ እጨቃጨቃለሁ። «ጨቅጫቃው» ተብያለሁ። ይሁን። ዛሬ የምሰማቸው ብዙ ዘፈኖች አንድ ጨቅጫቃ ቢያገኙ ኖሮ እላለሁ።

1977ን፣ ያን የረሃብ ዓመት፣ ዘልዬው አልፋለሁ። በዚያ ዓመት ወሎ ውስጥ መድረክ ላይ የወጣ ሰው ስለ ዘፈን የሚያወራው የለውም።

ለምን ተዉት ላልሽኝ፣ ድምፄ ሄዶ ነው። አካሄዱ ደግሞ እንዲህ ነበር። ጉንፋን ይዞኛል። ትርኢቱ ሜዳ ላይ ነው፣ ሕዝቡ ሞልቷል፣ ጄኔሬተሩ መሀል ላይ ቀጥ አለ። አስተባባሪው መጥቶ ትከሻዬን ያዘኝና «ዛሬን ብቻ» አለኝ። ያለ ድምፅ ማጉያ አንድ ሰዓት ተኩል ጮህኩ። ከኋላዬ ስድስት ተቀባዮች ቆመዋል። ትንሽ ያዙልኝ ብል ይይዙልኝ ነበር። አላልኩም። ጭብጨባው የእኔ ብቻ እንዲሆን ፈልጌ ነው። ሌላ ምክንያት የለኝም።

ጠዋት አፌን ስከፍት አየር ብቻ ወጣ። ሐኪሙ ሦስት ሳምንት ዝም በል አለኝ፤ ሹክሹክታም ጭምር ከለከለኝ። በስድስተኛው ቀን ሌላ ፕሮግራም መጣ። «ዛሬን ብቻ» ተባልኩ። ሄድኩ። ማንም በገመድ አስሮ አልወሰደኝም። ከዚያ ወዲህ ያ የላይኛው ድምፄ አልተመለሰም።

ዛሬን ብቻ ላለኝ ሰው ለብዙ ዓመት ቂም ይዤ ኖሬያለሁ። አሁን ረስቼዋለሁ ብል ውሸት ነው። ግን እናንተ «ዛሬን ብቻ» ስትባሉ ነገ ማን እንደሚያሳክማችሁ ጠይቁ። ክፍያውንም፣ ሰዓቱንም፣ ብትታመሙ የሚሆነውንም በወረቀት ይሁንላችሁ። እኛ ስንታመም የቀን አበላችን ይቆረጥ ነበር። ተፈራርመን ስለማናውቅ ወዴት አቤት እንደሚባልም አናውቅም።

አልባሳቱን ስመልስ ንብረት ክፍል ውስጥ ያሉት ሰውዬ አንድ በአንድ ቆጠሩኝ። ሽርጥ አንድ። ጋቢ አንድ። ሸሚዝ ሁለት፣ አንዱ ቁልፍ የጎደለው። የቁልፏን ዋጋ ልክፈል ወይ ብዬ ጠየቅኳቸው፤ ሳቁና ዝም አሉኝ። ሞዴል 19፣ የንብረት መረከቢያ ደረሰኝ፣ ቆርጠው ሰጡኝ። ሌላ ሽኝት አልነበረኝም። ወረቀቷ እስካሁን አለች።

ከዚያ መምህራን ማሠልጠኛ ገባሁ። ወድጄ አይደለም፤ ልጅ ተወልዷል፣ ቤት ኪራይ አለ። የአማርኛ መምህር ሆኜ ስመደብ የተቀበርኩ ነበር የመሰለኝ። አንድ ክፍል ውስጥ ሰባ ልጅ፣ ሦስት ሦስት ሆነው በአንድ ዴስክ፣ የጠመኔ ብናኝ። ደግሞ እንደ ሜዳው ጮህኩ! በሦስተኛው ቀን የቀረችኝ ድምፅም ልትሄድ ደረሰች።

አንድ ቀን ትምህርቱ ጠብቀውና ላልተው የሚነበቡ ቃላት ሆነ። ሰሌዳ ላይ «ገና» ብዬ ጻፍኩ። ልጆቹ ያዛጋሉ። ያን ጊዜ ምን እንደያዘኝ አላውቅም፣ የጀግናውን ታሪክ ነገርኳቸው። መዳፌን ጠረጴዛው ላይ እየመታሁ በዚያች በተረፈችኝ ድምፅ «ይመታል»ን መጀመሪያ አጥብቄ፣ ቀጥሎ አላልቼ ዘፈንኩላቸው። ለመስማት ሲሉ ዝም አሉ። ሲገባቸው ክፍሉ ልክ እንደዚያ አዳራሽ ፈረሰ። በሁለተኛው ዙር ሰባውም ተቀበሉኝ። እኔም ተነፈስኩ።

በማግሥቱ ከቤታቸው ቃል ለቅመው መጡ። «አለ»፣ «ዋና»፣ ሌላም ሌላም። አንዲት ዝምተኛ ልጅ ከኋላ ተነሥታ «ሽፍታው ሽፍታ ወጣበት» አለች። ከዚያች ልጅ የተሻለ ምሳሌ በሃያ ስምንት ዓመት የማስተማር ሥራዬ አላገኘሁም። አሁን የት እንዳለች ባውቅ ደስ ይለኛል።

አንድ የድሮ የመድረክ ጓደኛዬ አግኝቶኝ «አሁን ማስተማር ብቻ ነው?» አለኝ። «ብቻ» የምትለዋ ወጋችኝ። ያኔ መልስ አልነበረኝም። አሁን አለኝ። ዮፍታሔ ንጉሤ መምህር ነበር። መላኩ በጎሰውም መምህር ነበር። ከጣሊያን ወረራ በፊት ተውኔት ሲያሳዩ ተዋናዮቻቸው የገዛ ተማሪዎቻቸው ነበሩ። የዮፍታሔ ሥራዎች ደግሞ ግጥምና ዜማ የሞላባቸው ናቸው። የአማርኛ ቴአትር እግር የተከለው ትምህርት ቤት ውስጥ ነው ማለት ነው። እኔ ወደ እናቱ ቤት ተመለስኩ እንጂ የትም አልወደቅኩም።

ወደ መጀመሪያው ጥያቄ ልመለስ። ትምህርትሽን አታቋርጪ። ይህን የምልሽ መምህር ስለሆንኩ ብቻ አይደለም። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር ያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት አለ፤ የቴአትር ትምህርት ክፍልም አለ። ዩኒቨርሲቲ ናቸውና የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ውጤትሽን ያያሉ። በራቸውን አንኳኪ፣ ባይሆን በሌላ ትገቢያለሽ። ዘመድ ቤት ተጠግቶ «አንድ ቀን ያዩኛል» እያሉ መጠበቅ ግን የብዙ ወሎዬ ልጆችን ወጣትነት በልቷል። ስልክ ላይ መልቀቁን አልቃወምም። እኔ እንኳ በዚህ ዕድሜዬ አያለሁ። ግን ሰው በአካል ፊትሽ ተቀምጦ ሲያዛጋብሽ ማየት ያስፈልግሻል፤ ያዛጋ ሰው ስልክ ላይ አይታይም።

ሐሙስ ከአሥር ሰዓት በኋላ ቤት ነኝ። ባለቤቴ ቡና ታፈላለች፤ በረካውን ሳትጠጡ መሄድ የለም። የግጥሙን ወረቀትና እርሳስ ይዘሽ ነይ። ሌሎቻችሁም መምጣት ትችላላችሁ፣ ተቀባይ ያስፈልጋታል። ክራር ያለው ይዞ ይምጣ። የእኔዋ ሁለት ክር ተበጥሶባታል።