ቡናው ሳይፈላ ካሜራ አይወጣም

ሰሞኑን የደረሱኝ ጥያቄዎች ተከማችተዋል። ዘጋቢ ፊልም በራሳቸው ኪስ ከሚሠሩ የጎንደር ልጆች የመጡትን ዛሬ ላስቀድም።

ለጥምቀት ባሕረ ጥምቀቱን ልቀርጽ ነው። የት ልቁም? (ከአራዳ)

ቦታ በጥር 11 ማለዳ አይፈለግም፤ በከተራ ዕለት ሄደህ ከአስተባባሪዎቹ ጋር ተዋወቅ። ወጣቶቹ ዘለው ሲገቡ ውኃው ሌንስህን ያረጥብብሃል፤ ደረቅ ጨርቅ ያዝ። ድምፁንም አደራ! አንድ ዓመት ከበሮው ሥር ቆሜ መቅጃውን ሳላስተካክል ቀዳሁ። ቤት ገብቼ ሳዳምጠው ቆርቆሮ የሚደበደብ ይመስላል። ዝቅ ብሎ የተቀዳ ድምፅ ከፍ ይደረጋል፣ ከልክ በላይ ጮኾ የተሰነጠቀ ግን አለቀለት። ደግሞ ታቦቱን ሁሉም ይቀርጸዋል። እኔ ብሆን ነጠላዋን ተከናንባ እዚያው ያደረችውን አንዲት እናት ነበር የምከተለው።

ማታ አዝማሪ ቤት ስቀርጽ ምስሉ ላይ ጥቁር መስመር ይሄዳል። ካሜራዬ ተበላሸ? (ከፒያሳ)

ደህና ነው። የእኛ አገር መብራት 50 ኸርዝ ነው፤ አምፖሉ በሴኮንድ 100 ጊዜ ይርገበገባል። ሸተርህን (ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚገባበትን ጊዜ) 1/50 ሴኮንድ፣ ፍሬሙን በሴኮንድ 25 አድርገው። አንዳንድ ርካሽ ኤልኢዲ እንዲህም ተደርጎ አይታረቅም፤ ባለቤቱን ለምነህ አስጠፋው። አዝማሪውንም ሳትሸልም እንዳትወጣ፣ ግጥሙ አንተው ላይ ይዞራል።

አያቴ ስለ ልጅነታቸው ሲያወሩ አይጠገቡም። ካሜራ ሲያዩ ግን ዝም! (ከአዘዞ)

አልፈርድባቸውም። ሰው ፊት ላይ መስታወት ደቅነን «እንደ ልብዎ ይጫወቱ» እንላለን! የመጀመሪያውን ቀን ካሜራ ሳትይዢ ሂጂ። በሁለተኛው ቀን ካሜራው ጥግ ላይ ተዘግቶ ይቀመጥ፤ ምን እንደሆነ ንገሪያቸው፣ በዓይንሽም አሳያቸው። በሦስተኛው ቀን ፈቃዳቸውን ጠይቂ፣ መልሳቸውንም ቅጂ። ከዚያ ቡና ይፈላ። አቦል ላይ ስለ ጤና ነው የሚወራው፤ ወሬው የሚመጣው ቶናና በረካ ላይ ነው። ማይኩን ነጠላቸው ሥር አትሰኪው፣ ይንኮሻኮሻል። ዝም ሲሉም ቶሎ አትጠይቂ። ጥሩው ነገር ብዙ ጊዜ ከዝምታው ቀጥሎ ነው የሚመጣው።

ስፖንሰር ሳላገኝ ብጀምር ሞኝነት ነው? (ከማራኪ)

የከተማችን ልጅ፣ ፊልም ሠሪው ኃይሌ ገሪማ «ሳንኮፋ» የተባለ ፊልሙን እ.ኤ.አ. በ1993 ይዞ ሲወጣ አከፋፋይ አጥቶ፣ ሲኒማ ቤት እየተከራየ ነው ራሱ ያሳየው። ጀምር። የወር ደመወዝህን ግን አትልቀቅ።

በድሮን የፋሲልን ግንብ ላንሳ?

ያለ ፈቃድ አይሞከርም። ድሮኑንም አንተንም ያስቀሩሃል።

የቀረጽኩትን ስንት ቦታ ላስቀምጥ?

ሦስት፤ አንዱ ከቤትህ ውጭ። የእኔ አንደኛው ሃርድ ዲስክ አክስቴ ጋ ነው። የቤት ካርታ የያዘ መስሏት ሳጥን ውስጥ ቆልፋበታለች። እኔም አላረምኳት።