«ማማ ሚያ» ሲደርስ እናቴ ለምን ታለቅሳለች?

ጥያቄ፦ እናቴ «ማማ ሚያ» የሚባለውን ፊልም ስንቴ እንዳየችው ቆጥሬ አልጨርስም። እንግሊዝኛው እንኳ እምብዛም አይገባትም። ትስቃለች፣ ታጨበጭባለች፣ ልጅቷ ለሰርጓ ስትዘጋጅ ግን እንባዋ ዱብ ዱብ ይላል። እኔ ደግሞ ሰው እያወራ ቆይቶ ድንገት ዘፈን ሲጀምር ሳቄን አልችለውም። ምኑ ነው እንዲህ የሚወደደው?
ሳቂተኛዋ፣ ከአዳማ

መልስ፦ ሳቂ እንጂ፣ ምን ችግር አለው! ፒርስ ብሮስናን፣ ያ ጄምስ ቦንድ የነበረው ሰውዬ፣ እዚያ ፊልም ላይ ሲዘፍን ማን ያልሳቀ አለ? ለመጥፎ ትወና የሚሰጠውን የፌዝ ሽልማት እንኳ ወስዶበታል። ግን እሱ እንደዚያ ሲታገል ስናይ ነው እኛም ሶፋ ላይ ሆነን ለመዝፈን የምንደፍረው።

ዘፈኖቹ ለፊልሙ የተጻፉ አይደሉም። «አባ» የተባለው የስዊድን ቡድን (ስሙ መነኩሴ ቢያስመስለውም የ4ቱ አባላት ስም መነሻ ፊደላት ነው) ቀደም ብሎ የተጫወታቸው ናቸው። ታሪኩ ነው ኋላ በልካቸው የተሰፋው፤ መጀመሪያ በፈረንጆቹ 1999 ለንደን ውስጥ ለመድረክ፣ ከዚያ በ2008 ለፊልም። ሶፊ አንዲት የግሪክ ደሴት ላይ ልታገባ ነው፣ አባቷ ከ3 ሰዎች የትኛው እንደሆነ አታውቅም፣ ለእናቷ ሳትነግር ሦስቱንም ሰርጓ ላይ ትጠራቸዋለች። በቃ፣ ይኸው ነው። ጥልቅ ታሪክ ነው ብዬ አልዋሽሽም።

ሙሽራዋ ግን ሰበብ ናት፤ ፊልሙ የእናትየዋ ነው። እናትየዋን ሆና የምትጫወተው ሜሪል ስትሪፕ ከጓደኞቿ ጋር እየጨፈረች ወደ ባሕሩ ስትወርድ የደሴቷ ሴቶች ሥራቸውን እየጣሉ ይከተሏታል። አንዷ አሮጊት የተሸከመችውን እንጨት ወርውራ! ከእንጦጦ እንጨት ተሸክመው የሚወርዱ እናቶችን ላየ ሰው ይቺ ነገር ቀልድ ብቻ አይደለችም።

ወደ እናትሽ እንባ ልምጣ። እዚያ ቦታ ላይ እናትየዋ የልጇን ፀጉር ታበጥራለች፣ የእግር ጥፍሯን ቀለም ትቀባለች፣ ያቺን የደረሰች ልጅ እንደ ሕፃን ታቅፋታለች። ዘፈኑ ደግሞ ጠዋት ቦርሳዋን ይዛ ትምህርት ቤት ስለምትሄድ ልጅ ነው። ከቡድኑ አባላት አንዱ፣ ብዮርን ኡልቬውስ፣ ስለ ገዛ ልጁ የጻፈው ነው። በ1981 የዘፈነችው ሌላዋ የቡድኑ አባል አግኔታ የዚያችው ልጅ እናት ናት፤ ያኔ ሁለቱ ተፋትተው ነበር። ይሄን ለመረዳት እንግሊዝኛ አያስፈልግም። እናትሽም እዚያ ላይ የምታያት ሶፊን አይመስለኝም።

ለመሆኑ አንቺ ልታገቢ ነው እንዴ? እሱን አልጻፍሽልንም።