ለደሴና ለኮምቦልቻ ካሜራ ያዥ ልጆች

ልጆች ሰላም ናችሁ? እኔ እድሜዬን ደሴ ላይ ሰርግና ምርቃት ስቀርፅ የኖርኩ ካሜራማን ነኝ፣ አሁን እናንተ ስልካችሁን ይዛችሁ ፒያሳና ሙጋድ ስትቀርፁ ሳይ በጣም ደስ ይለኛል፣ ግን አንድ ነገር ልለምናችሁ። የኛን ሴት አርቲስቶች በህይወት እያሉ፣ ስራቸው ላይ እያሉ ቅረፁልን። ኢንተርቪው ማለቴ አይደለም።

ሊን ሳክስ የምትባል አሜሪካዊት የኤክስፐርመንታል፣ ማለትም ከተለመደው አሰራር ወጣ ያለ የሙከራ ፊልም ሰሪ አለች። በፈረንጆቹ 2018 ያወጣችው «ካሮሊ፣ ባርባራ ኤንድ ጉንቮር» የሚባል ፊልም አላት፣ 9 ደቂቃ ገደማ ነው፣ ሶስት ሴት አርቲስቶች ናቸው ያሉበት። ካሮሊ ሽኒማንን ኒውዮርክ ገጠር በድሮ የድንጋይ ቤቷ፣ ባርባራ ሃመርን ከተማ ውስጥ ስቱዲዮዋ፣ ጉንቮር ኔልሰንን ደግሞ ስዊድን ባደገችበት መንደር ድረስ ሄዳ ነው የቀረፀቻቸው። ሴትዮዋን ከቦታዋ አልነጠለቻትም፣ እኔ እዚህ ላይ ነው የተማረኩት። ፊልሙ በወጣ በአመቱ፣ በማርች 2019፣ ካሮሊም ባርባራም በአንድ ወር ውስጥ አረፉ። ትንሽ ቆይታ ቢሆንስ ኖሮ?

የቀረፀችው ደግሞ በሱፐር 8 እና በ16 ሚሊሜትር፣ በድሮው የጥቅል ፊልም ነው። የ16 ሚሊሜትር አንዱ 30 ሜትር ጥቅል 3 ደቂቃ እንኳ አይሞላም፣ ዋጋው ውድ ነው፣ ስለዚህ የካሜራውን ቁልፍ ከመጫንህ በፊት ቁጭ ብለህ ሴትዮዋን ታያለህ፣ እጇ የት እንደሚሄድ፣ መቼ ቀና እንደምትል ታውቀዋለህ። እናንተ ሜሞሪ ስላላችሁ ዝም ብላችሁ ታስኬዱታላችሁ፣ ከዛ ሙዚቃና ፊልተር ትጭኑበታላችሁ፣ ሴትዮዋ ትጠፋለች።

አምባሰልና ባቲ የኛው አገር ስም ናቸው፣ ቅኝትም ናቸው፣ እነ ማሪቱ ለገሰን ሁሉም ያውቃል፣ ግን ሰርግ ቤት ድምፃቸውን ሰምተን የተለየናቸው ስንት እናቶች አሉ፣ አንድ ምስል የላቸውም። ሞሰብ የምትሰፋዋስ? አለላውን ስትመርጥ፣ ወስፌው ስንደዶው ውስጥ ሲገባ ያለው ድምፅ ብቻውን ይበቃል እኮ፣ ኪቦርድ አትደርቡበት በናታችሁ።

አብሽሩ፣ ትልቅ ካሜራ አያስፈልግም። መጀመሪያ ቀን ስልካችሁን ኪሳችሁ ከታችሁ ቡና ጠጡ፣ ጨዋታዋን ስሙ። ስትመለሱ በጠዋት ሂዱ፣ ደሴ ላይ ከሰአት የጦሳ ተራራ ፀሀዩን ቶሎ ይከልለዋል፣ ኮምቦልቻ ከሆነ ደግሞ የቀትሩ ብርሀን ፊት ላይ ይከብዳል። በር አጠገብ አስቀምጧት፣ ወይም የተቀመጠችበት ተዋት።

ከመልቀቃችሁ በፊት ለራሷ አሳዩዋት፣ ይሄ ይቅር ካለች ቁረጡት። ስሟን ደግሞ ከነአባቷ ፃፉ፣ «አንዲት የወሎ እናት» ብላችሁ እንዳትለጥፉ።