ከመስተዋቱ ይልቅ በፎቶግራፍ ለምን ወፍሬ እታያለሁ?

የአንባቢያን ጥያቄዎችና መልሶች

በዚህ ወር ከደረሱን ደብዳቤዎች መካከል አራቱ፣ አጻጻፋቸው ቢለያይም፣ የሚያነሡት ጉዳይ አንድ በመሆኑ አብሬ ልመልሳቸው መርጫለሁ። መተዳደሪያዬ ለብዙ ዓመታት ሰውን ፎቶግራፍ ማንሳት ስለሆነ፣ ከዚህ በታች የምለው አብዛኛው ነገር ከካሜራ ጀርባ ቆሜ ደጋግሜ ያየሁት ነው።

ጥያቄ፦ የ34 ዓመት ሴት ነኝ። ራሴን በመስተዋት ሳይ ቅር የሚለኝ ነገር የለም። ከጓደኞቼ ጋር የተነሣሁትን ፎቶግራፍ ስመለከት ግን ሁልጊዜ ከሁሉም ሰፍቼ የምታየው እኔ ነኝ። ይህ እንዳይታወቅብኝ ብዬ ከሰልፉ ጫፍ እቆማለሁ፤ ክንዶቼንም ከጎኔ ጋር አጣብቄ እይዛለሁ። ምንም ለውጥ አላየሁም። በቅርቡ የእህቴ ሚዜ ስለምሆን ብዙ ፎቶግራፍ መነሣቴ አይቀርም፤ ምን ባደርግ ይሻለኛል?
ከጫፍ የምቆመው አንባቢያችሁ

መልስ፦ ደብዳቤዎን ሳነብ ፈገግ ማለቴን አልደብቅዎትም፤ ምክንያቱም ለመሸሸጊያ የመረጧቸው ሁለቱ ዘዴዎች ሰውን በፎቶግራፍ ላይ ከሚያሰፉት ነገሮች ግንባር ቀደሞቹ ናቸው።

ከጫፍ መቆምዎን እናስቀድም። የአብዛኛው ስልክ ዋና ካሜራ በፎቶ አንሺዎች መለኪያ ከ24 እስከ 28 ሚሊሜትር ገደማ የሚቆጠር፣ ሰፊ እይታ ያለው ሌንስ ነው። እንዲህ ያለው ሌንስ የግድግዳንና የበርን መስመር ሳያጎብጥ ለማሳየት ሲል፣ ከምስሉ መሃል የራቀውን ነገር ሁሉ ወደ ውጭ ይለጥጠዋል። ስለዚህ መሃል ላይ የቆመው ሰው እንደ ራሱ ሆኖ ሲወጣ፣ ከጠርዙ የቆመው ሰው ቁመቱ ሳይጨምር ስፋቱ ብቻ እስከ አንድ አምስተኛ ያህል ሊጨምር ይችላል። በስልኩ ላይ 0.5 ተብሎ በተመለከተው ሌንስ ከተነሣ ደግሞ ልጠጣው ከዚህም ይብሳል። እርስዎ እንግዲህ ለዓመታት ሌንሱ የሚለጥጥበትን ቦታ እየመረጡ ሲቆሙ ኖረዋል ማለት ነው። ከዛሬ ጀምሮ ከጫፉ ሁለት ሰው ያህል ወደ መሃል ይግቡ። ፎቶ አንሺውንም ጥቂት እርምጃ ወደ ኋላ እንዲሸሽና ስልኩ ባለ ሁለት እጥፍ ዙም ካለው በእሱ እንዲያነሣ ይጠይቁት። ቡድኑ ከተነሣ በኋላ በምስሉ ግራና ቀኝ ባዶ ቦታ ከተረፈ ማንም ከሚለጠጠው ክፍል ውስጥ አልገባም ማለት ነው፤ ትርፉን ኋላ መቁረጥ ይቻላል።

ሁለተኛው ስሕተት ክንድን ከጎን ጋር ማጣበቅ ነው። የላይኛው ክንድ ከጎድን ጋር ሲጫን ሥጋው ይነጠፍና ከተፈጥሮ መጠኑ በላይ ይሰፋል። ከዚህ የሚከፋው ግን ተመልካቹ ክንዱ የት እንዳበቃና ወገቡ የት እንደጀመረ መለየት ስለማይችል ሁለቱን እንደ አንድ ወፍራም አካል መቁጠሩ ነው። በክንድና በወገብ መካከል የሁለት ጣት ስፋት ያህል ብርሃን ከታየ ወገቡ ወዲያውኑ የራሱን ቅርጽ ያገኛል። ለዚህ ክርንን ትንሽ ወደ ኋላ መሳብ ብቻ ይበቃል፤ ሚዜ ስለሚሆኑም የሚይዙት አበባ ካለ ከሆድዎ ጥቂት ራቅ አድርገው ከወገብዎ ትይዩ ይያዙት። እጅን ወገብ ላይ ማድረግም ይቻላል፤ ሆኖም በአንድ ፎቶግራፍ ውስጥ ሰባት ሴቶች በሙሉ ክንዳቸውን እንደ እንስራ ጆሮ አጥፈው ሲቆሙ ስላየሁ፣ ይህን ምክር የምሰጠው በቁጥብነት ነው።

አሁን ወደ አቋቋም ልለፍ። ፎቶ አንሺዎች ደግመው ደጋግመው የሚሠሩበት አንድ ሕግ አለ፦ ለሌንሱ የቀረበው ነገር ትልቅ፣ የራቀው ትንሽ ሆኖ ይታያል። ሰው ካሜራ ፊት ሲቆም ሳያውቀው ዳሌውንና ሆዱን ወደ ፊት ገፍቶ ትከሻውን ወደ ኋላ ይጥላል፤ በዚህም ሊያሳንሰው የሚፈልገውን ክፍል ለሌንሱ ያቀርባል። የእርስዎ ተግባር ይህን መገልበጥ ነው። ሰውነትዎን ከካሜራው ከ30 እስከ 45 ዲግሪ ያህል ያዙሩ፤ ክብደትዎን በኋለኛው እግር ላይ ያሳርፉ፤ የፊተኛውን ጉልበት ትንሽ ዕጠፉ። ክብደቱ ወደ ኋላ ሲሄድ ዳሌ አብሮት ይሸሻል፤ ፊትና ትከሻ ደግሞ በንጽጽር ይቀርባሉ። ሰውነትዎ ዞሮ ሳለ ፊትዎን ወደ ሌንሱ ይመልሱ። ትንፋሽን ውጦ ሆድን መሳብ ግን አልመክርም፤ ትከሻ ወደ ላይ ተነሥቶ አንገት ያጥራል፣ ፊትም ይጨነቃል። ከዚያ ይልቅ ቀስ ብለው ተንፍሰው ልክ ሲጨርሱ ይነሡ፤ ያን ጊዜ ሆድ በራሱ ገባ ይላል።

ቁመት ሙሉ ሲነሡ የካሜራው ከፍታም ችላ የሚባል አይደለም። ረጅም ሰው ቆሞ ከዓይኑ ከፍታ ወደ ታች ካነሣዎ እግርዎ ያጥራል፤ ከጉልበት በታች ተንበርክኮ ወደ ላይ ካነሣ ደግሞ ዳሌና ጭን ይገዝፋሉ። ካሜራው ከወገብዎ እስከ ደረትዎ ባለው ከፍታ ላይ ሆኖ ቀጥ ብሎ ሲይዝ ውጤቱ የተሻለ ነው።

ስለ መስተዋቱ የጻፉትንም ሳልነካው ባልፍ ቅር ይለኛል። መስተዋት ፊት ስንቆም ሳይታወቀን ትከሻችንን እናቃናለን፣ አገጫችንን እናስተካክላለን፣ የምንወደውንም ማዕዘን እንመርጣለን፤ ካሜራው ይህን ፋታ አይሰጠንም። ከዚህም ሌላ እ.ኤ.አ. በ1977 የታተመ አንድ የሥነ ልቦና ጥናት ሰዎች ከፊታቸው ሁለት ምስሎች መካከል በመስተዋት የለመዱትን የተገለበጠውን ሲመርጡ፣ ጓደኞቻቸው ግን ያልተገለበጠውን እንደመረጡ አሳይቷል። ስለዚህ ፎቶግራፍዎን አይተው «ይህ እኔ አይደለሁም» ካሉበት ስሜት ከፊሉ ከውፍረት ጋር ምንም ግንኙነት የለውም፤ የማያውቁት ገጽዎን በማየትዎ የመጣ እንግድነት ነው።

ጥያቄ፦ 50 ዓመቴን የተሻገርኩ ሰው ነኝ። መሥሪያ ቤቴ ለሠራተኞች መዝገብ የሚሆን የፊት ፎቶግራፍ ላኩ ስላለን በስልኬ ራሴን አነሣሁ። አፍንጫዬ ትልቅ፣ አገጬ ደግሞ ሁለት ሆኖ ወጣ። ፎቶ ቤት ሳልሄድ ላስተካክለው እችላለሁ?
አገጩ የበዛበት

መልስ፦ ይችላሉ፤ መጀመሪያ ግን ስልኩን ከእጅዎ ማውጣት ይኖርብዎታል። ክንድ የሚደርሰው ሩቅ አይደለም፤ ብዙ ሰው ስልኩን ከፊቱ የሚይዘው በ30 ሳንቲሜትር ገደማ ነው። የአፍንጫዎ ጫፍ ከሌንሱ 30 ሳንቲሜትር ሲርቅ ጆሮዎ 42 ሳንቲሜትር ያህል ይርቃል፤ በዚህ ልዩነት ምክንያት ጆሮ ከአፍንጫ አንጻር ከሩብ በላይ አንሶ ይወጣል። ስልኩ በአንድ ሜትር ተኩል ርቀት ቢሆን ኖሮ ልዩነቱ ከመቶ 8 እንኳ አይሞላም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2018 የፊት ቀዶ ሕክምናን በሚመለከት የሳይንስ መጽሔት ላይ የወጣ አንድ ስሌትም በ30 ሳንቲሜትር ርቀት የተነሣ አፍንጫ ከአንድ ሜትር ተኩል ከተነሣው በ30 በመቶ ገደማ ሰፍቶ እንደሚታይ አመልክቷል። ዝርዝሩን ያነሣሁት አፍንጫዎ ጤነኛ መሆኑን እንዲያምኑልኝ ነው።

ስለዚህ ስልኩን በአንድ ሜትር ተኩልና በሁለት ሜትር መካከል ከመደርደሪያ ላይ አስደግፈው በሰዓት ቆጣሪው ይነሡ፣ ወይም ቤተሰብ ያንሣዎ። ሌንሱ ከዓይንዎ ትንሽ ከፍ ይበል። ከጣሪያ አጠገብ መውጣት ግን አያስፈልገውም፤ ግንባር ገዝፎ አገጭ ይጠፋል፣ ፎቶግራፉም ለመዝገብ የማይሆን ይሆናል።

አገጭን በተመለከተ ሰው ሁሉ የሚያደርገው ጭንቅላቱን ወደ ኋላ መሳብ ነው፤ ይህ ከአገጭ በታች ያለውን ቆዳ ሰብስቦ ያጥፈዋል። እርስዎ ተቃራኒውን ያድርጉ፦ ግንባርዎን ወደ ካሜራው ጥቂት ያቅርቡ፣ ከዚያም አገጭዎን በትንሹ ዝቅ ያድርጉ። ሲሠሩት ኤሊ የሆኑ ይመስልዎታል፤ ከጎን የሚያይዎት ሰውም ሊስቅ ይችላል። ከፊት ለፊት ግን የሚታየው የመንጋጋ መስመር ጥርት ብሎ መውጣቱ ብቻ ነው።

ብርሃኑ ከመስኮት በኩል ከጎን ይምጣልዎ። የስልክ ፍላሽ ከሌንሱ ጋር በአንድ አቅጣጫ ስለሚያበራ የፊትን ጥላ ሁሉ ያጠፋል፤ ጥላ ሲጠፋ ጉንጭና መንጋጋ ተደባልቀው ፊት እንደ ሳሕን ይነጠፋል። ከመስኮቱ ጥቂት ዞር ብለው፣ ለካሜራው የቀረበው ጉንጭዎ በጥላው በኩል እንዲሆን ካደረጉ ፊትዎ ጠበብ ይላል። የሚቀመጡ ከሆነ ደግሞ ወንበሩን ሳይደገፉ ከጠርዙ ይቀመጡ፤ የጃኬትዎንም የኋላ ጫፍ ቢቀመጡበት አንገትጌው ወደ ላይ አይነሣም።

ጥያቄ፦ ጥቁር ልብስ ያሳንሳል፣ አግድም መስመር ያለበት ልብስ ደግሞ ያወፍራል ይባላል። እውነት ነው? ሰፋ ያለ ልብስ ብለብስስ?
ቁም ሣጥኗ ጥቁር ብቻ የሆነባት

መልስ፦ የመጀመሪያው ከሞላ ጎደል እውነት ነው፤ ሁለተኛው ግን እጅግ የተወራለትን ያህል አይደለም። ጀርመናዊው ሳይንቲስት ሄርማን ፎን ሄልምሆልትዝ እ.ኤ.አ. በ1867 ባሳተመው ሥራው ውስጥ በአግድም መስመሮች የተሞላ አራት ማዕዘን ረዘም ብሎ፣ በቁም መስመሮች የተሞላው ደግሞ ሰፋ ብሎ እንደሚታይ ጽፏል፤ አግድም መስመር ያለበት ቀሚስም ሴትን ረጅም እንደሚያስመስል አስተውሏል። በዮርክ ዩኒቨርሲቲ የሚሠሩ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2011 ይህንኑ በሰው ቅርጽ ላይ ሞክረው አግድም መስመር እንደሚባለው አያወፍርም ብለዋል። በእኔ ልምድ ወሳኙ የመስመሩ አቅጣጫ ሳይሆን ልብሱ በሰውነት ላይ ሲወጠር መስመሩ መጉበጡ ነው፤ የጎበጠ መስመር ከሥሩ ያለውን ቅርጽ ጮኾ ይናገራል። እጅግ ቀጫጭንና የተቀራረበ መስመር ደግሞ በካሜራ ላይ ሞገድ እየመሰለ ስለሚርገበገብ ለፎቶግራፍ ቀን ይተውት።

ጥቁር የሚያሳንሰው ዓይናችን ብሩህ ነገርን ከጥቁሩ አስፍቶ ስለሚያይና የልብሱ እጥፋት የሚጥለው ጥላ በጥቁር ላይ ስለማይለይ ነው። ይህ ግን ጨርቁ የማያንጸባርቅ ከሆነ ብቻ ነው፤ ጥቁር ሳቲን በእያንዳንዱ ጉብታ ላይ የብርሃን ነጥብ ስለሚያስቀምጥ ከቢጫ ጥጥ የባሰ ሊሆን ይችላል። ከላይ እስከ ታች አንድ ዓይነት ጥቁር ቀለም፣ ለምሳሌ ጥቁር ሰማያዊ ወይም ጥቁር አረንጓዴ፣ ተመሳሳይ ጥቅም አለው፤ ወገብ ላይ ሁለት ቀለም ተገናኝቶ ሰውነትን ለሁለት ስለማይቆርጠው ቁመት ይረዝማል።

ሰፊ ልብስን በሚመለከት ግን በግልጽ ልቃወምዎት። ካሜራው ከድንኳኑ ሥር ያለውን ሰው አያውቅም፤ የሚለካው ድንኳኑን ነው። የተወጠረ ልብስም ጉዳቱ የታወቀ ነው። የሚያዋጣው የትከሻ ስፌቱ በትከሻ አጥንት ጫፍ ላይ የሚውል፣ ወገብ ላይ ሳይጨብጥ ቅርጽ የሚሰጥ ልብስ ነው፤ አዲስ ከመግዛት ያለዎትን ለልብስ ሰፊ ሰጥቶ ማስጠበብ ብዙ ጊዜ የተሻለ ነው። እጅጌና የቀሚስ ጠርዝ የሚያልቁበትንም ቦታ ይመልከቱ፤ ዓይን መስመር ባለበት ቦታ ስለሚቆም እጅጌው በክንድ ወፍራም ክፍል፣ ቀሚሱም በባት ወፍራም ክፍል ላይ እንዳያልቅ። አንገቱ በ‹ቪ› ቅርጽ የተከፈተ ልብስና ቁልፉ ያልተቆለፈ ጃኬት ከላይ ወደ ታች የሚሄድ መስመር ስለሚሠሩ አንገትንና ደረትን ያረዝማሉ።

ጥያቄ፦ የ16 ዓመት ልጄ ወገብን በሚያቀጥን የስልክ መተግበሪያ ሳታሳልፍ አንድም ፎቶግራፍ ለማንም አታሳይም። ልከልክላት?
እናት

መልስ፦ መተግበሪያው ወገብን የሚያቀጥነው ከጎኑ ያለውን ሁሉ አብሮ ወደ ውስጥ በመሳብ ስለሆነ የበሩ መቃን፣ የወለሉ ንጣፍ መስመርና የመጋረጃው እጥፋት አብረው ይጎብጣሉ፤ አንድ ጊዜ ማየት የጀመረ ዓይን ከዚያ በኋላ ሌላ ነገር አያይም። ብርሃን ማስተካከልንና ጠርዝ መቁረጥን እኔም በየቀኑ አደርገዋለሁ፤ ሰውነትን መሳብ ግን በሙያዬ ውስጥ የማልቀበለው ነው።

ብትከለክሏት ተደብቃ ትሠራዋለች ብዬ እፈራለሁ። ከዚያ ይልቅ እርስዎ ራስዎ በሦስት ሜትር ርቀት ላይ ቆመው በሁለት እጥፍ ዙም ያንሷት፤ ከዚያም እሷ በእጇ ይዛ ከተነሣችው ጎን ለጎን አስቀምጠው የትኛውን እንደምትመርጥ ጠይቋት። ንጽጽሩ ፍትሐዊ እንዲሆን ሁለቱም ፎቶግራፎች በአንድ ልብስ፣ በአንድ መስኮት ብርሃንና በአንድ ሰዓት የተነሡ ይሁኑ።