ወንጪን በአንድ ቀን፦ መኪናና አስጎብኚ ለብቻ ይዘው ለሚሄዱ ጥያቄና መልስ

ወንጪ በአምቦና በወሊሶ መካከል ያለ የቆየ እሳተ ገሞራ ነው። አናቱ ወደ ውስጥ ሰምጦ ጎድጓዳው ውሃ ሞላበት፤ በሐይቁ ላይ ደሴቶች፣ በዙሪያው እርሻና የእንሰት ጓሮ አለ። የዓለም ቱሪዝም ድርጅት በ2021 እ.ኤ.አ. ከምርጥ የቱሪዝም መንደሮች አንዱ ብሎ ከመረጠው ወዲህ፣ በተለይም የገበታ ለሀገር ሥራ ከተጀመረ በኋላ፣ ጠያቂው በዝቷል። ከታች የሚጠቀሱት ሰዓቶች ሁሉ በሀገር ቤት አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ አምስት ጓደኛሞች ነን። ከግሩፕ ጋር እንሂድ ወይስ ለብቻችን እንያዝ?

ለአምስት ሰው ለብቻ መያዝ ያዋጣል። የመኪናው፣ የነዳጁ፣ የሾፌሩና የአስጎብኚው ወጪ ሰው ቢበዛም ቢያንስም ያው ነው፤ ለሁለት ሰው ይከብዳል፣ ለአምስት ሲካፈል ይቀላል። ከገንዘቡ በላይ የምታተርፉት ግን ሰዓት ነው። የግሩፕ መኪና የዘገየ ሰው ሲጠብቅ ጠዋቱ ያልቃል፣ ወንጪ ላይ ደግሞ ጠዋት የባከነ ሰዓት ከቀትር በኋላ አይካካስም።

ጥያቄ፦ ሦስት አስጎብኚ ድርጅቶች ዋጋ ላኩልኝ፣ በጣም ይለያያል። እንዴት ላወዳድር?

ድምሩን ሳይሆን ዝርዝሩን አስቀምጣቸው። በወረቀቱ ላይ ስም በስም ተጽፈው መገኘት ያለባቸው እነዚህ ናቸው፦ መኪናው ምን ዓይነት እንደሆነና ስንት ሰው እንደሚጭን፣ ነዳጅ፣ የሾፌር አበል፣ ከአዲስ አበባ አብሮ የሚሄድ አስጎብኚ፣ የመግቢያ ክፍያ፣ የአካባቢው አስጎብኚ፣ ጀልባ፣ ፈረስ፣ ምሳና ውሃ። ርካሽ የመሰለው ዋጋ አብዛኛውን ጊዜ የመጨረሻዎቹን አምስቱን ያልጨመረ ነው። «ሁሉን ያካተተ» የሚል አንድ መስመር ብቻ የላከልህን «ፈረሱ ለመውጣት ብቻ ነው ወይስ ለመውረድም? ጀልባው ደሴቱ ድረስ ነው ወይስ ማዶም ያሻግራል?» ብለህ ጠይቀው። ካልመለሰ እለፈው።

የአካባቢው አስጎብኚ ከድርጅቱ አስጎብኚ የተለየ ሰው ነው፤ «አንድ አለ፣ ሁለተኛው ምን ያደርጋል?» ብለህ አትቀንሰው። መንገዱን፣ ፈረሰኞቹንና ጀልባውን የሚያስተካክለው እሱ ነው፣ የአካባቢው ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ስለሆነም ያግባባል።

የሰሌዳ ነገርም አለ። ለኪራይ የሚሠራ መኪና ለንግድ የተመዘገበ (በተለመደው ሰሌዳ ኮድ 3) መሆን አለበት። ኮድ 2 የግል መኪና ይዞ የሚመጣ ሰው ዋጋው ቢቀንስም፣ አደጋ ከደረሰ ኢንሹራንሱ «መኪናው ለግል አገልግሎት ነው የተመዘገበው» ብሎ ሊከራከር ይችላል። ቀብድ ከግማሽ በላይ አትክፈል፣ ለከፈልከውም ደረሰኝ ተቀበል።

ጥያቄ፦ በ2 ሰዓት ብንነሳ አይደርስም?

መድረስስ ይደርሳል፤ የምታዩት ግን ግማሹን ነው። ሲቆጠር ይህን ይመስላል። ከአዲስ አበባ በወሊሶ በኩል ወደ 155 ኪሎ ሜትር ነው። በ12 ሰዓት ንጋት ከአየር ጤና ከወጣችሁ ዓለም ገናንና ሰበታን መጨናነቁ ሳይጀምር ታልፋላችሁ፣ ቱሉ ቦሎ ወይም ወሊሶ ላይ ቁርስ በልታችሁም ቢሆን እስከ 3፡30 ድረስ የወንጪ ጠርዝ ላይ ትቆማላችሁ። ለክፍያና ለፈረስ ስምምነት ግማሽ ሰዓት ያዙ። ቁልቁል ወደ ሐይቁ በእግር አንድ ሰዓት ገደማ፣ ከዚያ ጀልባና ደሴቱ አንድ ሰዓት ተኩል፣ ማዶ ተሻግሮ ፍል ውሃዎቹ ድረስ ደርሶ መመለስ ደግሞ እንደ እግራችሁ ሁለት ሰዓት ይሆናል። ሽቅብ መውጣቱ በእግር እስከ ሁለት ሰዓት ይፈጃል፣ በፈረስ ያንሳል። በፈረስ ከወጣችሁ ድምሩ 10 ሰዓት ገደማ መኪናችሁ ጋ ያደርሳችኋል፣ ጨለማ ሳይጠነክርም ሰበታ ትገባላችሁ።

በ2 ሰዓት ስትነሱ የከተማውን መውጫ ጭንቅንቅ ሙሉውን ትቀበሉታላችሁ፤ ጠርዙ ላይ የምትደርሱት ወደ 6 ሰዓት ግድም ነው። በዚያ ሰዓት ደመና ጠርዙን መሸፈን ይጀምራል፣ ከሰዓት በኋላ ሐይቁ ላይ ነፋስ ሊነሳ ይችላል፣ ሾፌሩም መመለሻውን እያሰበ ያጣድፋችኋል። መጀመሪያ የሚቀረው የማዶው ሸለቆ ነው፣ እሱ ደግሞ የእሳተ ገሞራው ነገር በደንብ የሚታይበት ክፍል ነው።

ጥያቄ፦ በአምቦ ወይስ በወሊሶ?

ሁለቱም ያደርሳሉ። የአምቦው በቡራዩ፣ ሆለታ፣ አዲስ ዓለምና ጊንጪ ያልፋል። አንዱን ለመሄጃ ሌላውን ለመመለሻ ማድረግ በካርታ ሲታይ ደስ ይላል፤ ለአንድ ቀን ጉዞ ግን የማታውቁትን መንገድ ለማታ ማስቀመጥ ነው። በሄዳችሁበት ተመለሱ። የትኛው ይሻላል የሚለውን ያን ሰሞን ከሄደ ሾፌር ጠይቁ፤ የጥንት የጉዞ ጽሑፎች ስለ መንገዱ የሚሉት ብዙው አርጅቷል።

ጥያቄ፦ ከአሜሪካ ነው የምንመጣው። የጸጥታው ነገርስ?

በምዕራብ ሸዋና በደቡብ ምዕራብ ሸዋ መንገዶች ላይ ባለፉት ዓመታት ችግር ደርሷል፤ ስለዚህ ከወር በፊት የተነገራችሁ መልስ ዛሬ አይሠራም። ከጉዞው ሁለት ቀን በፊትና በዋዜማው ማታ ጠይቁ፣ ያውም ለየብቻ፦ ድርጅቱን፣ ወንጪ ያለውን የአካባቢ አስጎብኚ፣ በዚያው ሳምንት በመንገዱ የሄደ ሾፌርን። አንዱ እንኳ ከተጠራጠረ አትሂዱ። ውሉ ላይ «በጸጥታ ምክንያት ከተሰረዘ ቀብዱ ሙሉ በሙሉ ይመለሳል» የሚል መስመር አስገቡ፤ ይህን ለመጻፍ የሚያንገራግር ድርጅት መንገዱ ቢዘጋ እንኳ ሊወስዳችሁ የሚሞክር ነው። ኬላ ላይ ስለምትጠየቁ ፓስፖርት ወይም ቢጫ ካርዳችሁን (የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያውን) ያዙ፣ ፎቶ ኮፒው አይበቃም። ማታ አትንዱ።

ጥያቄ፦ ፈረስ ተቀምጬ አላውቅም። ቁልቁለቱ ከባድ ስለሆነ መውረጃውን ይዤ መውጫውን በእግሬ ብሄድስ?

ገልብጠው። ቁልቁል ፈረስ ላይ ያለ ሰው ክብደቱ ወደ ፊት ይጫናል፣ ኮርቻው ወደ አንገት ይንሸራተታል፣ ፈረሱም የፊት እግሮቹ ላይ ሁለት ሸክም ይሆንበታል። አቧራ ወይም ጭቃ ላይ የሚወድቁት በዚህ ጊዜ ነው። በእግርህ ውረድ፣ በፈረስ ውጣ። ሽቅብ ሲወጣ ወደ ፊት ዘንበል በል፣ ልጓሙን አትጎትት፣ የእርካቡ ውስጥ ከእግርህ የፊተኛው ክፍል ብቻ ይግባ፤ ተረከዝህ ድረስ ካስገባኸው ስትወድቅ እግርህ ይያዛል።

ከመቀመጥህ በፊት ኮርቻውን በሁለት እጅህ ወደ ጎን ወዝውዘው። ከተንሸራተተ በሆዱ ሥር ያለው ጠፍር ላልቷል፣ ባለፈረሱ ያጥብቀው። የፈረሱ ጀርባ ቁስለኛ ከሆነም ሌላ ጠይቅ፤ ለእንስሳው ማዘኑ እንዳለ ሆኖ፣ ያመመው ፈረስ መሐል መንገድ ላይ ይቆማል።

ዋጋው ላይ ጭቅጭቅ የሚነሳው ሁልጊዜ በአንድ ነገር ነው፦ የታች መጠበቂያው። «ሐይቁ ዳር ሦስት አራት ሰዓት ይጠብቀኛል፣ ከዚያ ያወጣኛል፣ የባለፈረሱም ድካም እዚሁ ውስጥ ነው» ብለህ ሳትወርድ፣ የአካባቢው አስጎብኚ ፊት ተስማማ። ክፍያውን ላይ ስትደርስ ስጥ።

ጥያቄ፦ እናቴ 68 ዓመታቸው ነው፣ ደም ግፊትም አለባቸው። ይዣቸው ልሂድ?

ሐኪማቸውን ሳትጠይቂ አይሆንም፣ እህቴ። የወንጪ ከፍተኛው ቦታ 3,386 ሜትር ነው፣ ሐይቁ ራሱ 2,900 ሜትር ገደማ ላይ ይተኛል። በዚያ ከፍታ የአየሩ ግፊት በባሕር ወለል ካለው ወደ ሁለት ሦስተኛው ይወርዳል፤ ጤነኛ ሰውም ሽቅብ ሲወጣ ያለከልካል። ከውጭ ሀገር በቅርቡ የገቡ ከሆነ ቢያንስ ሁለት ሦስት ቀን አዲስ አበባ ይረፉ፤ ከተማው ራሱ ከ2,300 ሜትር በላይ ስለሆነ ሰውነታቸውን ያለማምደዋል።

ሐኪሙ ከፈቀደ እንኳ ሐይቁ ድረስ አይውረዱ። መመልከቻው ላይ ሆኖ ሐይቁን፣ ደሴቶቹንና ዙሪያውን ማየት ብቻውን ለእሳቸው የተሟላ ጉብኝት ነው፤ ሎጁ ጋ ቡና እየጠጡ ይቆዩ፣ አብሯቸውም አንድ ሰው ይቅር። መድኃኒታቸው መኪና ውስጥ ሳይሆን በቦርሳቸው ይሁን። ራስ ምታትና ማቅለሽለሽ ከጀመራቸው መፍትሔው ክኒን ሳይሆን ወደ ዝቅተኛ ቦታ መውረድ ነው፣ ማለትም ቶሎ ወደ ወሊሶ።

ጥያቄ፦ በ2017 አዋሽ ፈንታሌ አካባቢ መሬት ሲንቀጠቀጥ ነበር፣ በኅዳር 2018 ደግሞ አፋር ውስጥ ሃይሊ ጉቢ ፈነዳ። ወንጪስ?

ሁለቱም ቦታዎች ስምጥ ሸለቆው ውስጥ፣ መሬቱ ዛሬም እየተሰነጠቀ በሚሰፋበት መስመር ላይ ናቸው። ወንጪ ከስምጥ ሸለቆው ወጣ ብሎ በምዕራቡ ደጋ ላይ ያለ ነው። ጎድጓዳው የተፈጠረው ከሥር የነበረው ቅልጥ ድንጋይ በፍንዳታ ወጥቶ ሲያልቅ ጣሪያው ወደ ባዶው ስለተደረመሰ ነው። ሙቀቱ ጨርሶ አልጠፋም፤ ማዶ ያሉት ፍል ውሃዎች ምስክር ናቸው። ውሃው ጥልቅ ገብቶ ይሞቃል፣ ጋዝና ማዕድን ይዞ ይወጣል። ዝገት የመሰለው ቀይና ብርቱካናማ ድንጋይ የብረቱ ነው። ቀልጦ የሚፈስ ነገር አያለሁ ብሎ የሚሄድ ሰው ግን ቅር ይለዋል፤ እሱ የአፋር ጉዳይ ነው፣ በአንድ ቀንም ከአዲስ አበባ በመኪና አይሞከርም።

ምንጮቹ ጋ አስጎብኚው ሳይነግራችሁ እጅ አትክተቱ። አንዳንዱ ለብ ያለ ነው፣ አንዳንዱ አይቻልም። ለጠበል የሚጠቀሙባቸው ስላሉም ጫማ ይዞ ዘሎ መግባት ነውር ነው።

ጥያቄ፦ ወደ ገዳሙ ምን ለብሰን እንሂድ?

ደሴቱ ላይ ያለው ወንጪ ቂርቆስ ነው። ሴቶች ቀሚስና ነጠላ፣ ወንዶች ረጅም ሱሪ። ለመራመጃ ሱሪ የለበሰች ሴት ሰፊ ቀሚስ ወይም ጋቢ ቦርሳዋ ውስጥ ትያዝና ጀልባ ላይ ትደርብ። ጫማ ይወልቃል፣ ስለዚህ ወፍራም ካልሲ ጥሩ ነው። ፎቶ ከማንሳታችሁ በፊት አባቶችን አስፈቅዱ፣ እስከ የት መግባት እንደሚቻልም እነሱን ጠይቁ። ጥር 15 የቂርቆስ በዓል ስለሆነ ሕዝብ ይበዛል፤ ለመሳለም ከሆነ መልካም፣ ለሽርሽር ከሆነ ሌላ ቀን ምረጡ። ጀልባው ላይ ላይፍ ጃኬት ካልተሰጣችሁ ጠይቁ፣ ከሚገባው በላይ ሰው ከጫነም ውረዱና ሁለት ዙር ይሁን።

ጥያቄ፦ ምን ወር ይሻላል? ምንስ እንያዝ?

ከመስከረም መጨረሻ እስከ የካቲት። መስከረምና ጥቅምት አረንጓዴና አደይ ነው፣ ኅዳርና ታኅሣሥ ሰማዩ ጥርት ይላል፣ ንጋቱ ግን ያንቀጠቅጣል። ክረምቱን ተዉት፤ ቁልቁለቱ ጭቃ ሆኖ ፈረስም ሰውም ይንሸራተታል፣ ጉሙም ሐይቁን ይደብቀዋል። ሙቀቱ በየ1,000 ሜትሩ 6 ዲግሪ ያህል ስለሚቀንስ ጠርዙ ከአዲስ አበባ ይቀዘቅዛል፤ ከላይ ሹራብ፣ በላዩ ነፋስ የማያስገባ ጃኬት። ፀሐዩ ግን በብርዱ ተደብቆ ያቃጥላል፣ ባርኔጣ አይቅር። ጫማው ሶሉ ጥርስ ያለው ይሁን። ለሰው ሁለት ሊትር ውሃ፣ ምሳ ከከተማ ተቋጥሮ፤ ሐይቁ ዳር የሚሸጥ ነገር ላይ አትመኩ። ቆጮና የወንጪ ማር ካገኛችሁ ቅመሱ። ዝርዝር ብር ያዙ።

ጥያቄ፦ ደንዲንም በዚያው ቀን?

አይሆንም። ደንዲ ጎረቤት ነው፣ ሁለት የተያያዙ ሐይቆችም አሉት፤ መውጫው ግን በጊንጪ በኩል ነው። ለሁለቱ ሁለት ቀን ያስፈልጋል።

ጥያቄ፦ ድሮን ይዤ መምጣት እችላለሁ?

ያለ ፈቃድ ኤርፖርት ላይ ይያዛል። ተወው።