የተሰረዘ የመንግሥት ቅጥር ፍርድ ቤት ይሄዳል ወይ?

እህቴ፣ ጥያቄሽን አንብቤ ዝም ማለት አልቻልኩም። በአንድ የፌዴራል መሥሪያ ቤት የጽሑፍ ፈተናውንም ቃለ መጠይቁንም አልፈሽ፣ ስምሽ ከአላፊዎቹ ጋር ከተለጠፈ በኋላ «ማስታወቂያው ተሰርዟል» ተባለ፤ ቆየት ብሎ ያው መደብ እንደገና ወጣ። ፍርድ ቤት ብሄድ የሚሰማኝ አለ ወይ ነው ያልሽው። ዓመታት በሰው ሀብት ክፍል ሠርቼ አሁን ጥብቅና ላይ ስላለሁ ነገሩን ከሁለቱም ወገን አውቀዋለሁ። የሚሰማሽ አለ፤ ዋናው ምን ብለሽ እንደምትጠይቂ ነው።

ብዙው አቤቱታ የሚወድቀው «አልፌያለሁና ይቅጠሩኝ» ብሎ ስለሚጀምር ነው። ፈተና ማለፍ ብቻውን የቅጥር መብት አይሆንም። በጀት ከታጠፈ፣ መዋቅር ከተቀየረ ወይም ፈተናው ሾልኮ ከወጣ መሥሪያ ቤቱ ሂደቱን ማቆም ይችላል፤ ዳኛም በመሥሪያ ቤቱ ቦታ ተቀምጦ ሠራተኛ አይመርጥም። ዳኛው የሚመረምረው የሰረዘው አካል ሥልጣን ነበረው ወይ፣ ሥርዓቱን ተከትሏል ወይ፣ ምክንያቱስ ውሃ ያነሳል ወይ የሚለውን ነው። አንቺ ዘንድ ደግሞ መደቡ ወዲያው ተመልሶ ወጥቷል። እንግዲህ በጀት የለም ሊሉ አይችሉም፤ ለምን እንደሰረዙ በግልጽ መናገር አለባቸው።

መሠረትሽ የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ነው። የአስተዳደር ውሳኔ በጽሑፍና ከነምክንያቱ እንዲሆን ያዛል፤ ቅር የተሰኘ ሰውም ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የክለሳ አቤቱታ፣ ማለትም የውሳኔው ሕጋዊነት እንዲመረመርለት የሚጠይቅበትን ማመልከቻ፣ እንዲያቀርብ በር ከፍቷል። ግን ቀጥታ አትሂጂ። የመሥሪያ ቤቱን ቅሬታ ሰሚ ሳትጨርሺ ከመጣሽ መዝገብሽ ይመለሳል። ጊዜ ገደብ ስላለውም አትዘግዪ። የመንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት ሂጂ የሚሉሽም አሉ፤ እሱ በዋናነት የሚያየው እንደ ስንብትና ዲሲፕሊን ያለውን የሠራተኛ ይግባኝ ነው፣ አንቺ ደግሞ ገና አልተቀጠርሽም። መሥሪያ ቤቱ የክልል ቢሆን ኖሮ የክልሉን ሕግ ማየት ነበረብን።

ማስረጃው ላይ ቆም በይ፤ ጉዳዩ የሚያልቀው እዚያ ነው። በያዝኩት አንድ ጉዳይ ስረዛው የተነገረው ሰሌዳ ላይ በተለጠፈ ግማሽ ገጽ ወረቀት ነበር። ቁጥር የለው፣ ቀን የለው፣ «በአሠራር ችግር ምክንያት» ከምትል ሐረግ በቀር ምንም የለውም። ደንበኛዬ ወረቀቱን በስልኳ ፎቶ አንስታው ነበር፤ ወረቀቱ በማግስቱ ከሰሌዳው ተነሣ። ቅሬታዋን መዝገብ ቤት አስገብታ፣ በእጇ በቀረው ኮፒ ላይ የገቢ ቁጥርና ማኅተም አስመትታ ነበር። በኋላ የቅጥር ኮሚቴው ቃለ ጉባኤ ሲቀርብ ስለ ስረዛ የተነጋገሩበት አንድ መስመር እንኳ አልተገኘበትም። ውሳኔው ተሽሮ፣ ምክንያት ተሰጥቶበት እንደገና እንዲታይ ተመለሰ። ልብ በይ፣ ቅጠሯት አልተባለም። አብዛኛውን ጊዜ የምታገኚው ይህንን ነው፤ ለእኔ ግን ትንሽ ነገር አይደለም፣ ምክንያታቸውን በፊርማ እንዲያስቀምጡ ያስገድዳልና።

ቃለ ጉባኤውንና የውጤት ዝርዝሩን አንሰጥም ካሉሽ በመረጃ ነፃነት አዋጅ 590/2000 መሠረት በጽሑፍ ጠይቂ፤ በ30 ቀን ውስጥ መልስ መስጠት አለባቸው። እምቢ ካሉም እምቢታው ራሱ ማስረጃ ይሆንሻል።

ምናልባት «ፈተናው ተሰርቆ ነው» ካሉ ነገሩ ይከብዳል። ያኔ ጥያቄው ያጭበረበረውን ካላጭበረበረው መለየት ይቻል ነበር ወይ ይሆናል። የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በመጋቢት 2017 ዓ.ም. በምዕራብ ቤንጋል ከ25,000 በላይ የትምህርት ቤት ሠራተኞች ቅጥር ሲሰረዝ ያጸናው የመልስ ወረቀቶቹ ጠፍተው ሁሉንም መለየት ስላልተቻለ ነው። በንጽሕና ያለፉትም አብረው ሥራቸውን አጡ፤ ማጭበርበራቸው ተለይቶ የታወቀባቸው ግን የተከፈላቸውን ደመወዝ እንዲመልሱ ተወስኖባቸዋል። እኛን አያስገድድም፣ ግን የማጣራት ሥራ ተሠርቶ ከሆነ ሪፖርቱን ከመሥሪያ ቤቱ ጠይቂ። መለየት እየተቻለ ሁሉንም መጣል ላጠኑት ልጆች ግፍ ነው፤ ይህንንም በአቤቱታሽ በድፍረት ጻፊው።

አዲሱ ማስታወቂያ ላይም ተመዝገቢ፣ ቅሬታሽን እንዳልተውሽ ግን በጽሑፍ አሳውቂ። ጉዳዩ ፍርድ ቤት ከደረሰ አዲሱ ቅጥር እንዳይጠናቀቅ የእግድ ጥያቄውን ከአቤቱታው ጋር አንድ ላይ አስገቢ፤ ሌላ ሰው ደብዳቤ ይዞ ሥራ ከጀመረ በኋላ መመለሱ በጣም አስቸጋሪ ነው።